ሦስተኛው «ማን አለኝ»

ለእናቴ ልጅ፣ ለወንድሜ ለተስፋው፤ አስመራ።

እንደምን ከርመሃል፣ ሆዴ? ጤናህ እንዴት ነው? ያ የክረምቱ ሳል ለቀቀህ ወይስ እንደ ክፉ እንግዳ አልወጣም ብሎሃል? የአስመራ ብርድ አጥንት ድረስ ይገባል ሲሉ እሰማለሁ፤ ጋቢ አለህ? የምትበላው ይስማማሃል ወይስ ዛሬም እንደ ልጅነትህ ወጡ ቀጠነ ብለህ ታኮርፋለህ? ቤት ያከራዩህ እናትስ እግራቸው ተሻላቸው? ስማቸውን ባላውቅም ዘወትር በጸሎቴ አነሣቸዋለሁ፤ «የተስፋው አከራይ» ስል እግዚአብሔር ያውቃቸዋል። እኔ የላይኛው ይመስገን፣ ጠጉሬ ከመሸበቱና ጉልበቴ ስነሣ ቋ ከማለቱ በቀር ምንም አልሆንሁ። ክንዱም ደህና ነው፣ ንግሥቴም ደህና ናት፣ አባባም ደህና ናቸው።

በየደብዳቤህ «አባባ ስለ እኔ ምን አሉ?» ብለህ ትጠይቀኛለህ፤ እኔም በየደብዳቤዬ ጤናቸውን እጽፍልሃለሁ። አንተም ብልህ ነህ፣ ጤናቸውን ስጽፍልህ ምንም እንዳላሉ ይገባሃል። ዛሬ ግን ከጤናቸው ሌላ የምጽፈው አለኝ። እህትህን ታውቃታለህ፣ ወሬ ከጫፉ አትጀምርም። ወረቀቱን ገልብጠህ መጨረሻውን እንዳታይ አደራ፤ ካየህ ጣዕሙን ያጣኸው አንተው ነህ።

ስልከኛ እህት እያለችኝ ስለ ምን በስልክ አልነገረችኝም ትል ይሆናል። የኔ ወንድም፣ ከፍኖተ ሰላም አስመራ መስመር እስኪገኝ በየመንገዱ ያለችው ስልከኛ ሁሉ ጆሮዋን ትጥላለች። እኔም እጥላለሁና አልፈርድባቸውም። ይህ ግን በሽቦ የሚጮህ ነገር አይደለም።

ዘፈንህ ደርሶናል። መጀመሪያ የሰማሁት በጥቅምት ነው፣ ከላህ ወንዝ ማዶ ያለው የኑግ ማሳ አብቦ ፀሐይ የፈሰሰበት በሚመስልበት ሰሞን። ከሥራ ገብቼ እግሬን ለብ ባለ ውሃ ነክሬ ተቀምጫለሁ። ሬዲዮው የአድማጮች ምርጫ ያሰማል። አንድ ጊታር ቀስ ብሎ ገባ፤ ዝናብ ካባራ በኋላ ቆርቆሮ እንደሚያንጠባጥበው፣ አንድ፣ ደግሞ አንድ። ከዚያ አንድ ድምፅ መጣ። ውሃው ውስጥ እንዳለሁ ተነሣሁ። «ክንዱ፣ ተስፋው ነው» አልሁት። ባሌን ታውቀው የለ፣ ከስፌት መኪናው ቀና ሳይል «አንቺ በስልክም ወንድምሽን፣ በሬዲዮም ወንድምሽን ነው የምትሰሚ፤ ነገ ዶሮ ሲጮህ ተስፋው ነው ትያለሽ» አለኝ። ዘፈኑ አለቀና አስተዋዋቂው «ከአስመራ ተስፋው ነበር ያሰማን» አለ። ተስፋው ብቻ። የአባት ስም የለውም። ክንዱ መኪናውን አቆመ። ወለሉን በእግሬ ውሃ አራስሁት፣ እየሳቅሁም እያለቀስሁም፣ ንግሥቴ እናቴ አበደች ብላ ጎረቤት ልትጠራ ነበር።

በመስከረም የጻፍህልኝ ደብዳቤ ያን ጊዜ ገባኝ። እሑድ ከሰዓት በኋላ የአስመራ ሰው ለብሶ አጊጦ ሰፊውን መንገድ ወዲያ ወዲህ ሲል፣ አንተም አብረህ ስትል፣ ኋላ ሲመሽ ሁሉም ወደየበሩ እየታጠፈ ሲገባ መንገዱ ለአንተ ብቻ እንደ ቀረ ጽፈህልኝ ነበር። አንዲት እናት በመስኮት ብቅ ብላ ልጇን ለራት ስትጠራ ሰማህ፤ የሌላ ሰው ልጅ ስም ነው፣ አንተ ግን ዞር አልህ። ዘፈኑ ከዚያች መዞር መጣ። በማግስቱ ለጓዶችህ ስታሰማቸው ጊታር የሚመታው «ሮክ ያልነው ልንጨፍርበት ነው፤ ይህ ይጨፈርበታል?» ሲልህ፣ አንተ «አይጨፈርበትም፣ ይቆምበታል» አልኸው። ከበሮ የሚመታው ገባውና በትሩን ትቶ እንደ መጥረጊያ ባለ ነገር ቆዳውን ይዳብስ ጀመር። እኔም ሬዲዮው አጠገብ ጆሮዬን ለጥፌ ሰማሁት፤ እናት ልጇን ስታስተኛ ጀርባውን ቸብ ቸብ እንደምታደርገው ነው።

ሸክላውን ያሳተመው ሰውዬ ደግሞ «ሦስተኛው ላይ ቃሉን ዋጥኸው፣ ድገመው» እንዳለህ ጽፈህልኛል። ደገምኸው፣ እንደዚያው ሆነ። ሌላም ጊዜ ደገምኸው፣ ያው። «ይህማ የአገርህ አነጋገር ነው መሰለኝ» ብሎ ተወህ። ለምን እንዳላረምኸው አልጻፍህልኝም፣ እኔም አልጠየቅሁህም። ስልከኛ ሆኜ የተዋጠ ቃል ብርቄ ነው?

አሁን አገሩ ሁሉ በቃሉ ይዞታል፤ እኔም ለራስህ ዘፈንህን ልጻፍልህ፣ እጄ መጻፍ አምሮታል፤

መንገዱ ሰው ሞልቶት፣ ቤቱን ሞልቶት ብርሃን፣
ደጃፉ ላይ ቆሜ፣ ልጥራ ልጥራ ማንን፤
መሸና ማን አለኝ፣ ነጋና ማን አለኝ፣
መሸና ማን አለኝ።

ሰው ሁሉ የራሱን ቤት ከፈተበት። ጠላ የምትሸጠው አልጣሽ፣ ባሏ ለሰሊጥ አጨዳ ሁመራ እንደ ሄደ የቀረባት፣ «ይህ ልጅ የኔን ጉድ ማን ነገረው?» ብላ እኔን ልትጣላ መጣች። ቄስ እጅጉ ደግሞ ዘፈን አልሰማም ይላሉ፣ ግን በደጅ ሲያልፉ ነፋስ አምጥቶባቸው ኖሮ «ነፍስ ናት፣ ከሥጋ ስትለይ የምትናገረው» ብለው ተረጎሙት። የማንኩሳ ልጆች እንጨት ለቅመው ሲመለሱ ጊታሩን በአፋቸው ይመቱታል።

እኔ ቀኑን ሙሉ ማዳመጫ በጆሮዬ አድርጌ የሰው ድምፅ ሳቀባብል ነው የምውለው። ዘፈንህን ከሰማሁ ወዲህ እስከ ዛሬ ያላስተዋልሁትን አስተዋልሁ። ሰው መስመር ሲያገኝ የመጀመሪያ ቃሉ ሰላምታ አይደለም፤ «አለህ?» ነው። የቡሬው በርበሬ ነጋዴ ይሁን፣ የደንበጫው ዳኛ ይሁን፣ ልጇን ለትምህርት ደብረ ማርቆስ የሰደደች እናት ትሁን፣ ሁሉም ጮኾ «አለህ? አለሽ?» ይላል። ማዶ ያለው «አለሁ» እስኪል ድረስ ሽቦው ብቻ የሚያፏጭባት አንዲት ትንሽ ዝምታ አለች። በዚያች ዝምታ ውስጥ አገሩ ሁሉ ጭጋግ ይመስለኛል፤ ምሰሶዎቹ እየተያዩ፣ ወፎች ሽቦው ላይ ተሰልፈው፣ አንዱ ሌላውን የሚጠብቅበት። ዘፈንህ እሷ ናት፣ ሌላ ትርጓሜ አላውቅለትም አልሁ በሆዴ። ተሳስቼ ነበር፣ ወይም ግማሹን ነበር ያገኘሁት።

የሚያስቀውን ልንገርህ። ቡሬ ጠጅ ቤት ያለውን ገብረሰንበትን ታስታውሰዋለህ፣ ያንን ሆዳሙን። ሸክላህን በአውቶቡስ ሹፌር ከአዲስ አበባ አስመጣ። ሦስተኛው «ማን አለኝ» ላይ ሲደርስ «መሸ» ይልና ድምፅህ እፍን ይላል፤ ቀጥሎ «ና ማን አለኝ» የሚለው እንደ ተዋጠ ሆኖ ይወጣል። ገብረሰንበት «ተሰንጥቋል» ብሎ መለሰው። ሌላ መጣለት፤ እሱም እዚያችው ቦታ ላይ እፍን አለ። «የዚህ ልጅ ሸክላ ሁሉ አንድ ቦታ ላይ ነው እንዴ የሚሰነጠቅ?» ብሎ ሹፌሩን ተሳደበ። በመጨረሻ ተስፋ ቆርጦ አንድ ዘዴ አገኘ። እዚያች ቦታ ሲደርስ ራሱ ከመደርደሪያው ኋላ ብድግ ብሎ በዚያ በሬ በመሰለ ድምፁ «መሸና ማን አለኝ!» እያለ አጥብቆ ይሞላላቸው ጀመር፣ ደንበኛ ስንጥቁን እንዳይሰማ። ክንዱ ለገበያ ሄዶ አይቶ ሲነግረኝ ወገቤን ይዤ ሳቅሁ።

አሁን ወደ አባባ ልመለስ። አንተ የሄድህ ዕለት እኔም ነበርሁ። ስልቻህን ይዘህ በሩ ላይ ቆመህ ነበር፤ እሳቸው ከዋርካው ሥር የተማሪ ቅኔ ይሰማሉ። አንተ «ተመለስ» እስኪሉህ ቆምህ፣ እሳቸው «ይቅር በሉኝ» እስክትል ጠበቁ። ሁለታችሁም ከአንድ ግንድ የተፈለጣችሁ ናችሁ፤ ማንኛችሁም አልተሰበራችሁ። ወንበራቸውን የሚወርስ ልጅ ጊታር ይዞ መሄዱ ከብዷቸው ነበር፣ ግን ረግመውህ አያውቁም፤ ዝም ነው ያሉት። ስምህ በቤቱ አይጠራም። ይህን ግን አልጻፍሁልህም ነበርና ዛሬ እወቀው፤ የተማሪነት ደበሎህ ከምሰሶው ላይ አልወረደም፤ ክረምቱ በወጣ ቁጥር ራሳቸው አውጥተው አራግፈው ፀሐይ ያስመቱታል። ለማን እንደሚሆን ጠይቆ የደፈራቸው የለም።

ለኅዳር ሚካኤል ከማንኩሳ መጥተው እኛ ዘንድ አረፉ። ከበዓሉ ማግሥት ከምሳ በኋላ አባባ መደቡ ላይ መቋሚያቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው ተቀምጠዋል። ክንዱ አለ፤ የጓሮውን ክፍል የተከራየን እንዳለው የሚባል መምህርም አለ። ንግሥቴ ሬዲዮውን ከፈተችው። ጊታርህ ገባ። እኔ ብድግ ብዬ ልዘጋ ስል የምሠራው የዳንቴል ክር እጄ ላይ ተጠመጠመ፣ እስክፈታው ድምፅህ ቤቱን ሞላው። አባባ መቋሚያቸውን ከፍ አድርገው «ተዪው» አሉኝ።

ተውሁት። እስከ መጨረሻው ሰሙ። ዓይናቸው መስኮቱ ላይ ነበር፣ የሚያዩት ግን መስኮቱን አይመስለኝም። አስተዋዋቂው «ተስፋው ነበር» አለና ሌላ ነገር ቀጠለ። ንግሥቴ ዘጋችው። እንዳለው፣ ምስኪን፣ ነገሩን የማያውቅ፣ ዝምታው ሲከብደው «ጥሩ ይዘፍናል፣ የኔታ፤ ሦስተኛው ላይ ብቻ ይሳሳታል» አለ።

አባባ ዞር ብለው «አንተ ምንድን ነው የምታስተምር?» አሉት።

«ሒሳብ» አላቸው።

«እንግዲያ ሦስት መቁጠርህ ደግ ነው» አሉት። ክንዱ ሳቁን በሳል ሸፈነ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩና «ሦስተኛውን በዪልኝ» አሉኝ። አልሁላቸው፣ እንደ ሰው ሁሉ አጥብቄ። «አይደለም» አሉ፤ «እንዲያ አላለም። አንቺ ጆሮ የሌለሽ ስልከኛ ነሽ።»

ለተማሪ እንደሚያስረዱት ጣታቸውን አነሡ። «ሁለቱን አጥብቆ ነው ያለው። ማን አለኝ፤ ዘመድ የለኝም፣ ባዶ ነኝ ማለቱ ነው። ሦስተኛውን አላላው። ሲላላ ማን አለኝ፤ ማን ተናገረኝ ማለት ነው። ምን ብሎ? ከፊቱ ያለውን ስሚ። መሸና አላለም። ‹መሸ› ብሎ አረፈ። ከዚያ ወዲያ ‹ና› አለ። መሸ፤ ‹ና› ማን አለኝ?»

ወንድሜ፣ እኔ አሥረኛ ክፍል የደረስሁ ሴት ነኝ፣ የቅኔ መምህርም ልጅ ነኝ፣ በጥቅምትና በኅዳር ያን ዘፈን ስንት ጊዜ እንደ ሰማሁት አላውቅም። አልሰማሁትም ነበር። ስንጥቅ ያልነው፣ የተዋጠ ያልነው፣ ገብረሰንበት በበሬ ድምፁ የደፈነው፣ እሷ ነበረች ጠቅላላው ነገር። በሩ ላይ ስልቻ ይዘህ ቆመህ ታየኸኝ።

እንዳለው «እና ማንን ነው የሚጠይቀው፣ የኔታ?» አለ። አባባ መቋሚያቸውን ተመርኩዘው ተነሡ። «ሰሙ የናንተ ነው፣ ዝፈኑት» አሉ። «ወርቁ የተላከው ለአንድ ሰው ነው።» በሩ ላይ ሲደርሱ ቆም ብለው፣ ፊታቸውን ሳይመልሱ፣ «የአባቱን ስም ስለ ምን አልጠሩለትም?» አሉ። ክንዱ ቀስ ብሎ «ስምዎን አሰድባለሁ ብሎ ፈርቶ ይሆናላ፣ አባባ» አላቸው። «እኔን?» አሉና ወጡ። ጓሮ ባለው የጌሾ ተክል መካከል ሲመላለሱ ቆዩ፤ ቅጠሉን በእጃቸው እየነኩ፣ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል። ጸሎት ነው ወይስ ቅኔ፣ መለየት አልቻልሁም።

በማግሥቱ ይሄዳሉ ብዬ ስንቃቸውን ባዘጋጅ አልሄዱም። ከሰዓት በኋላ ሲሆን ሬዲዮው አጠገብ ይቀመጡና «ይህ ሳጥን ስለ አንበጣ ምን ይላል?» ይላሉ። በኅዳር ምን አንበጣ አለ? ዘፈንህ ሲመጣ ዓይናቸውን ጨፍነው ይሰሙታል፤ የመቋሚያው ጫፍ መሬቱን ትንሽ ትንሽ ይነካል። ንግሥቴ በመስቀል ምላ ትናገራለች፣ እኔም አይቻለሁ። አንድ ቀን እንዲያውም «አራራይ ነው ዜማው፤ ከኔው ሰርቆ የወሰደው ነው፣ እዚያ ሽቦ ላይ አሰጣው እንጂ» አሉ። ሌባ ተብለህ እንዲህ ደስ ያለኝ ቀን የለም።

ክንዱ የተተረጎመውን ለገብረሰንበት ነግሮት ነበር። አሁን ቡሬ ጠጅ ቤቱ ውስጥ እዚያች ቦታ ሲደርስ ገብረሰንበት ብርሌውን ያስቀምጥና «ዝም በሉ፣ እዚህ ላይ ነው ነገሩ» ይላል አሉ። «ና» የሚለው ያጣ ሰው እንዲያ የበዛ መሆኑን አላውቅም ነበር ብሏል ክንዱ፤ አንዳንዱ ጠጁን ሳይጨርስ ተነሥቶ ወደ ቤቱ ይሄዳል።

ትናንት ኅዳር ጽዮን ነበር። አባባ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ከክንዱ የስፌት መኪና አጠገብ ቆሙና «ቁመቱ አሁን ምን ያህል ይሆን?» አሉት። የማንን ቁመት እንደሆነ አልተናገሩም። ክንዱ «በድምፅ ልክ ሰፍቼ አላውቅም፣ አባባ» አላቸው። «እንግዲያ አስጠይቅ» አሉት። እኔ ጓዳ ሆኜ ነጠላዬን አፌ ላይ አደረግሁ። ከዚያ ጠሩኝ። «ለዚያ ልጅ ደብዳቤ ትጽፊ የለም?» አሉኝ። እጽፋለሁ አልሁ። «ይህን ጨምሪበት» ብለው አንዲት መስመር ነገሩኝ። እዚያው ጽፌ ሳነብላቸው በመካከሉ ነጥብ ላደርግ ብዕሬን ሳነሣ እጄን ያዙኝ። «ነጥብ አታድርጊበት» አሉ። «የት እንደሚያርፍ፣ የቱን እንደሚያጠብቅ፣ የቱን እንደሚያላላ እሱ ያውቃል፤ አስተምሬዋለሁ።»

ዛሬ ጧት ወደ ማንኩሳ ሄዱ። አውቶቡሱ ጤፍ አጫጆች ሞልተውት ነበር፤ በመስኮት ሆነው እጃቸውን አላወዛወዙልኝም፣ ልማዳቸውም አይደለም፤ ግን መቋሚያቸው በመስኮቱ ወጥታ ትታይ ነበር፣ ከላህ ድልድይ ማዶ እስኪታጠፍ ድረስ። ለገና ቤቱን ላስጠርግ ብለው ነው የቸኮሉት።

እንግዲህ ሰላምታውን ልደርድርልህ። ክንዱ እጅግ አድርጎ ይስምሃል፣ የትከሻህንና የቁመትህን ልክ በሚቀጥለው አውቶቡስ ላክልኝ፣ ኮቱን ለገና ማድረስ አለብኝ ይልሃል። ንግሥቴ አጎቴ የምትለው ከተማው ሁሉ የሚያውቀው ሰው በማግኘቷ ትምህርት ቤት አትቻልም፤ ጉንጭህን ትስማለች። አልጣሽ የኔንም ባል በዘፈን ጥራልኝ ብላሃለች። መምህር እንዳለው ሦስት መቁጠር ተምሬአለሁ በይልኝ አለኝ። ቄስ እጅጉ ነፍስ ናት ያልሁትን አላነሣም፣ ግን እግዚአብሔር ይፍታህ ብለውሃል። ገብረሰንበት የመለሳቸውን ሸክላዎች ሁሉ ይቅር በለኝ ይላል። እኔ እህትህ፣ እናትህ ያልጠገበችህን ስሜ ስሜ አልጠግብም።

አባባም ይህን ብለውሃል፤

ነጋና አባትህ አለህ

እህትህ እናኑ ገብረ ሕይወት
ፍኖተ ሰላም፣ ኅዳር ፳፪ ቀን ፲፱፻፷፪ ዓ.ም.